ፍቺው ቀደመ፣ ክፍፍሉ ዘገየ
በቤተሰብ ችሎቶች ስላለው መጓተት የቀረበ ዳሰሳ

ስለ ቤተሰብ ችሎት ሲነሳ ከባለጉዳይም ከጠበቃም አፍ ቀድሞ የሚወጣው እሮሮ አንድ ነው፦ «ቀጠሮ ሰለቸኝ»። እሮሮው እውነት ነው። ነገር ግን ባለጉዳዩን «ምኑ ነው የዘገየብህ?» ብለው ቢጠይቁት፣ ብዙ ጊዜ ጋብቻው በፍርድ ከፈረሰ ቆይቷል። ያልተቋጨው የቤቱ ግምት፣ የመኪናው ሽያጭ፣ የባንኩ ሒሳብ፣ የልጆቹ ቀለብ ነው። ፍቺ ቶሎ የሚሰጥበት፣ የፍቺ ውጤት ግን የሚንከባለልበት አሠራር ውስጥ ነን። ይህን ሳይለዩ «የፍቺ ክስ ይፋጠን» ብሎ መወትወት ላልታመመው አካል መድኃኒት ማዘዝ ነው።

ዳሰሳው በዋናነት የሚመለከተው የአዲስ አበባንና የድሬዳዋን የፌዴራል ችሎቶች ነው። ክልሎች የየራሳቸውን የቤተሰብ ሕግ አውጥተዋል፤ የአማራ ክልል ለምሳሌ በአዋጅ ቁጥር 79/1995 የወጣ ሕግ አለው። ሕጎቹ በመሠረታዊ ነጥቦች ስለሚቀራረቡ፣ እዚህ የሚነሳው ችግር ባሕር ዳር ወይም ደሴ ላለ ባለጉዳይም እንግዳ አይሆንበትም።

ሕጉ የሰጠው ጊዜ

የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ ለፍቺ ሁለት በር ከፍቷል። በአንደኛው ባልና ሚስት ተስማምተው ስምምነታቸውን በፍርድ ቤት ያስጸድቃሉ። በሌላው አንዳቸው ወይም ሁለቱም አቤቱታ ያቀርባሉ፤ ምክንያት የመዘርዘር ግዴታም የለባቸውም።

በአቤቱታ የመጣ ጉዳይ የሚያልፍበት ሥርዓት በአንቀጽ 82 ተደንግጓል። ፍርድ ቤቱ መጀመሪያ ተጋቢዎቹን ለየብቻ ወይም አንድ ላይ አነጋግሮ ከሐሳባቸው እንዲመለሱ ይሞክራል። ካልሆነለት ራሳቸው በመረጧቸው ሽማግሌዎች እንዲታረቁ ይመራቸዋል። ዕርቁ ካልያዘ ከሦስት ወር ያልበለጠ የማሰላሰያ ጊዜ ሊሰጣቸው ይችላል። ከዚያ ወዲያ ግን ዳኛው የሚያመነታበት ቦታ የለም፤ የሽማግሌዎቹ ሪፖርት ከደረሰው ወይም የማሰላሰያው ጊዜ ካበቃ በአንድ ወር ውስጥ ፍቺውን መወሰን አለበት።

ሁሉም በወጉ ከሄደ አቤቱታው በግማሽ ዓመት ገደማ እልባት ያገኛል ማለት ነው። መጥሪያው ከደረሰና ጋብቻው ካልተካደ፣ በተግባርም የፍቺው ውሳኔ ከዚህ ብዙ አይርቅም። ለዕርቅ የተተወችው ጊዜ ናት የምታጓትተው የሚሉ አሉ። ሆኖም ወራት የምትለካዋ ይህቺ ጊዜ፣ ዓመታት ከሚወስደው ክፍፍል ጎን ስትቆም ኢምንት ናት። አልፎ አልፎም ሥራዋን ትሠራለች፤ በንዴት ፋይል ከፍተው በሽማግሌ ታርቀው አቤቱታቸውን የሚያነሱ ባለትዳሮች አሉ።

ከቤተዘመድ ሽምግልና ወደ ችሎት

የዛሬውን መጓተት ለመረዳት ከ1992 በፊት የነበረውን ማስታወስ ይጠቅማል። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ፍቺን የሚወስኑት የቤተዘመድ የሽምግልና ዳኞች ነበሩ። ፍርድ ቤት እጁን የሚያስገባው ውሳኔያቸው ጉቦ ወይም ማጭበርበር ነክቶታል፣ ወይም ከሕግና ከሚዛናዊነት በግልጽ ወጥቷል የሚል አቤቱታ ሲቀርብ ብቻ ነበር። ሕጉ ለሽማግሌዎቹ ቀን ቆርጦላቸዋል፦ እንደ ዝሙት ያለ ከባድ ምክንያት ካለ አንድ ወር፣ ከሌለ እስከ አንድ ዓመት፣ ያውም በተጋቢዎቹ ስምምነት እስከ አምስት ዓመት ሊራዘም የሚችል። ቀኑ ቢያልፍ ግን ሽማግሌዎቹን የሚጠይቅ አልነበረም። አንዱ ክፍለ ሀገር ሄዷል፣ ሌላው ለቅሶ ላይ ነው፣ ሦስተኛው የባል አጎት ስለሆነ ነገሩን ማብረድ ይፈልጋል፤ ጉዳዩ በዚሁ ይከርማል።

ክርክሩም ያጠነጥን የነበረው «ማን አጠፋ?» በሚለው ላይ ነው፤ ጥፋተኛ የተባለው ወገን ከጋራው ሀብት ድርሻው ሊቀነስበት ይችል ስለነበር። ጥፋት ለማስረዳት ምስክር ይቆጠራል፤ ምስክሮቹ ደግሞ የአንድ ሰፈር ሰዎች ናቸው።

የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ይህ ሥርዓት እንዲለወጥ ከወተወቱት ግንባር ቀደሙ ነው። አዲሱ ሕግ ፍቺ የመወሰንን ሥልጣን ለፍርድ ቤት ብቻ ሰጠ፤ ሽማግሌዎችን በአስታራቂነት አስቀረ። በየሳሎኑ ተበትኖ ይጓተት የነበረው ጉዳይ በሬጅስትራር ጠረጴዛ ላይ ተከመረ። የክርክሩም መልክ ተለወጠ፦ «ማን አጠፋ?» ቀርቶ «የማን ነው?» መጣ። በሕጉ መሠረት በጋብቻ ዘመን ያለ ንብረት፣ በአንደኛው ስም ብቻ ቢመዘገብም፣ የግል መሆኑ ካልተረጋገጠ በስተቀር የጋራ ነው ተብሎ ይገመታል። የግል ገንዘብ የተለወጠበት ንብረት የግል ሆኖ እንዲቀጥል ደግሞ ፍርድ ቤት እንዲያጸድቀው ያስፈልጋል። ይህን የሚያደርግ ባለትዳር እንደ ነጭ ቁራ ብርቅ ነው። ስለዚህ ከጋብቻ በፊት የተሸጠ ቤት፣ ከአባት የተወረሰ ገንዘብ፣ እኅት ከአረብ አገር የላከችው ብር ሁሉ ከዓመታት በኋላ ችሎት ላይ ይተረተራል።

ጊዜው የሚበላው የት ነው?

የመጀመሪያው መሰናክል መጥሪያ ነው። መጥሪያውን ከችሎት ተቀብሎ ለተጠሪ የሚያደርሰው በአብዛኛው ከሳሹ ራሱ ነው። ተጠሪ «አልቀበልም» ካለ ይህንኑ በመሐላ ማረጋገጥ፣ አድራሻው ከጠፋ በጋዜጣ ማስጠራት ይመጣል። ሁሉም ተደርጎ ጉዳዩ በሌለበት ከታየ በኋላም ተጠሪው ነገሩን ባወቀ በአንድ ወር ውስጥ ቀርቦ «መጥሪያ አልደረሰኝም» ማለት ይችላል። ፍርድ ቤቱ ከተቀበለው መዝገቡ ወደ መነሻው ይመለሳል።

ሁለተኛው የጋብቻ ክህደት ነው። «ሚስቴ አይደለችም» የሚል መልስ ከቀረበ ዋናው ጉዳይ ቆሞ ጋብቻ መኖር አለመኖሩ ይጣራል። የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በአዋጅ ቁጥር 760/2004 ታውጆ ሥራ የጀመረው በ2008 መጨረሻ ላይ ስለሆነ፣ ከዚያ በፊት በሃይማኖት ወይም በባህል የተጋቡ ብዙዎች ወረቀት የላቸውም። ፎቶግራፍ፣ የሠርግ ቪዲዮ፣ የዕድር ደብተር፣ ጎረቤት ይቀርባል። ያለ ጋብቻ አብረው የኖሩ ሰዎችም ቢሆኑ የጋራ ሀብት ለመጠየቅ ከሦስት ዓመት ያላነሰ አብሮ መኖርን ማስረዳት ይጠበቅባቸዋል፤ ያም የራሱ ክርክር ነው።

ሦስተኛውና ዋነኛው ንብረቱ ነው። አንድ መዝገብ በምናብ እንከተል። ሚስት በዝርዝሯ አንድ ግቢ፣ አንድ ዕዳው ያላለቀ ኮንዶሚኒየም፣ አንድ ዶልፊን ሚኒባስ፣ በባል ስም ያለ የባንክ አክሲዮን አስገብታለች። ባል ስለ ግቢው «የአባቴ ነው»፣ ስለ ሚኒባሱ «ሸጬዋለሁ»፣ ስለ አክሲዮኑ «የለኝም» ብሎ መልስ ሰጥቷል። ችሎቱ ለክፍለ ከተማው የመሬት ጽሕፈት ቤት፣ ለተሽከርካሪ መዝጋቢው፣ ለባንኩ ደብዳቤ እንዲጻፍ ያዝዛል። ሴትየዋ ደብዳቤው ተፈርሞና ማኅተም ተመትቶ እስኪወጣ ትጠብቃለች፤ ወጪ አስደርጋ ይዛ ትሄዳለች። የክፍለ ከተማው መዝገብ ቤት ገቢ አድርጎ «ሳምንት ነይ» ይላታል። ሳምንት ስትሄድ ባለሙያው ስብሰባ ነው። በቀጠሮው ቀን መልሱ አልደረሰም፤ ችሎቱ «ማስታወሻ ይጻፍ» ብሎ ሌላ ቀጠሮ ይሰጣል። በሁለተኛው ቀጠሮ መልስ መጥቷል፤ ግን የአያት ስም ስላልተጠቀሰ «በተጠቀሰው ስም የተመዘገበ ይዞታ ልናገኝ አልቻልንም» ይላል። ስሙ ተስተካክሎ ሦስተኛ ደብዳቤ ይወጣል። በዚህ ሁሉ መካከል ዳኛው የሠሩት ሥራ ሦስት መስመር ትእዛዝ ማጻፍ ብቻ ነው፤ ወራቱ ያለቁት በሁለት መሥሪያ ቤቶች መካከል በእግር በሚጓዝ ወረቀት ነው።

ማስረጃው ተሟልቶ ንብረቱ የጋራ ነው ከተባለ ግምት ይከተላል። መሐንዲስ ሄዶ ይለካል። ባል በሩን አይከፍትም፤ ፖሊስ እንዲያስከፍት ትእዛዝ ይጠየቃል። ግምቱ ሲቀርብ አንዱ «በዛ»፣ ሌላው «አነሰ» ይላል፤ ድጋሚ ይገመታል። ዋጋ በሚንርበት አገር ደግሞ ግምት ቶሎ ያረጃል። በተለይ ከሐምሌ 2016 ወዲህ፣ የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ፣ የዓምናን ግምት ይዞ ድርሻውን ሊቀበል የሚፈቅድ ሰው አይገኝም። መዘግየቱ ራሱ ሌላ መዘግየት ይወልዳል።

ጣልቃ ገብ የሚባለውም አለ። የባል ወንድም የብድር ውል ይዞ ይመጣል፤ ወይም ሚኒባሱን የገዛ ሰው «በቅን ልቦና ገዝቻለሁ» ብሎ ይገባል። እውነተኛ ገንዘብ ጠያቂዎች አሉ፤ ቀኑ ወደ ኋላ ተደርጎ በተጻፈ ውል የሚመጡም አሉ። ችሎቱ ሳይሰማቸው ሊያልፋቸው አይችልም። ካለፋቸውም በፍርድ መቃወሚያ ተመልሰው ይመጣሉ።

ከፍርድ በኋላም መንገዱ አላለቀም። ይግባኝ ለመጠየቅ 60 ቀን አለ፤ ከከፍተኛው ፍርድ ቤት ቀጥሎ ሰበር ሰሚ ችሎት አለ፤ በየደረጃው አፈጻጸሙ ይታገድልኝ የሚል ጥያቄ ይቀርባል። አፈጻጸም ላይ ሲደረስ ቤቱ በዓይነት ካልተከፈለና ተጋቢዎቹ ካልተስማሙ ሐራጅ ይወጣል። ሰው ያለበትን፣ ክርክር የበዛበትን ቤት ደፍሮ የሚጫረት ጥቂት ነው፤ ሐራጁ ይደገማል። ነሐሴና መስከረም ደግሞ ችሎት ለክረምት ዝግ ነው፤ ተረኛው ችሎት የሚያየው አስቸኳይ ጉዳዮችን ነው። ሐምሌ መጨረሻ ላይ «ለምርመራ» የተቀጠረ መዝገብ እስከ ጥቅምት ይተኛል። ዳኛው በመካከሉ ወደ ሌላ ምድብ ከተዛወሩ፣ አዲሱ ዳኛ መዝገቡን ከሀ ብለው ያነባሉ።

መጓተቱ ለማን ይበጃል?

ዳኛ ጥቂት ነው፣ መዝገብ ብዙ ነው የሚለው ማብራሪያ ትክክል ነው፤ ግን ግማሹን ብቻ ይናገራል። በንብረት ክርክር ውስጥ ከሁለቱ አንዱ ብዙ ጊዜ ለመቸኮል ምክንያት የለውም። ቤቱ ውስጥ የቀረው፣ የሰርቪስ ኪራዩን የሚሰበስበው፣ ሱቁን የሚያንቀሳቅሰው እሱ ነው። በእያንዳንዱ ቀጠሮ የአንድ ወር ኪራይ በኪሱ ይገባል። ወጥታ ቤት ተከራይታ የምትኖረዋ ደግሞ በእያንዳንዱ ቀጠሮ የአንድ ወር ኪራይ ከኪሷ ይወጣል። በኢትዮጵያ ሁኔታ ከቤት የምትወጣው አብዛኛውን ጊዜ ሴቷ ናት፤ ዱላ ሸሽታ የወጣችም አለች። ሁለት ዓመት ከሄደች በኋላ የድርሻዋን እኩሌታ ተቀብላ «ይቅርብኝ፣ ልገላገል» ብላ ትፈርማለች። መዝገቡ «በስምምነት ተዘጋ» ይባላል፤ በሪፖርት ላይም እንደ መልካም ውጤት ይቆጠራል።

ሕጉ ይህን አስቀድሞ አይቶታል። አንቀጽ 82፣ ፍርድ ቤቱ የፍቺ አቤቱታ እንደቀረበለት፣ ስለ ተጋቢዎቹ መተዳደሪያ፣ ስለ ልጆቹ አኗኗርና ቀለብ፣ ስለ ንብረቱም አስተዳደር ተገቢውን ትእዛዝ ወዲያውኑ እንዲሰጥ ያስገድዳል። ይህ ድንጋጌ የክርክሩን ሚዛን የሚጠብቅ ነው። በተግባር ግን ትእዛዙ ብዙ ጊዜ ተጠሪ መልስ እስኪሰጥ ይቆያል፤ ሲሰጥም በቀለብ ላይ ያተኩራል። ደመወዝተኛ ከሆነ ለመሥሪያ ቤቱ ተጽፎ ይቆረጥበታል። ነጋዴ ከሆነ «ገበያ ቀዝቅዟል» ይላል፤ ገቢውን የማስረዳቱ ሸክም ገቢውን አይታ በማታውቀው ሚስት ትከሻ ላይ ይወድቃል። የኪራይ ገቢውንና ሱቁን ማን ያስተዳድር የሚለው ግን ሳይነካ ያልፋል።

የልጆች ነገር ከዚህ ይብሳል። ሕጉ አሳዳጊ ሲወሰን የወላጆች ገቢ፣ ዕድሜ፣ ጤናና የአኗኗር ሁኔታ፣ የልጁም ዕድሜና ጥቅም እንዲታዩ ይላል። የማኅበራዊ ጉዳይ ባለሙያ ሄዶ አይቶ ሪፖርት እስኪያቀርብ ልጁ ካለበት ይቆያል። ሪፖርቱ ሲዘገይ ልጁ ትምህርት ቤት ለምዷል፣ ጓደኛ አበጅቷል፤ ዳኛውም ከለመደው ማውጣትን አይደፍሩም። ጊዜያዊ የተባለው ትእዛዝ ቋሚ ሆኖ ያርፋል። መጀመሪያ ልጁን ይዞ የሄደ ወገን በክርክር ሳይሆን በቀን መቁጠሪያ ይረታል።

ባሕር ማዶ ያለ ተጋቢ

አንዱ ወገን ዋሽንግተን፣ ቴል አቪቭ ወይም ሪያድ ከሆነ ሌላ ሸክም ይጨመራል። ውክልና በኤምባሲ ይረጋገጣል፤ አገር ቤትም ማረጋገጫ ይታከልበታል። አድራሻው ላልታወቀ ሰው የመጥሪያው ጣጣ እጥፍ ነው። አረብ አገር በሰው ቤት የምትሠራ ሴት ደግሞ ፈቃድ አግኝታ ኤምባሲ መድረስ ራሱ ከባድ ሊሆንባት ይችላል፤ እሷ በሌለችበት የላከችው ገንዘብ የሠራው ቤት ይከፈላል።

ከተጋቢዎቹ አንዱ የሌላ አገር ዜግነት ከያዘ፣ ጉዳዩ ለከፍተኛው ፍርድ ቤት የሚገባ ነው የሚል የሥልጣን ክርክር ሊነሳ ይችላል። መነሳት ያለበት በመጀመሪያው ቀጠሮ ነው፤ በይግባኝ ላይ ሲነሳ የዓመት ሥራ ይፈርሳል። ውጭ አገር የተሰጠ የፍቺ ፍርድም አዲስ አበባ ያለውን ቤት በቀጥታ አያስከፍልም፤ የውጭ ፍርድ እዚህ እንዲፈጸም የሥነ ሥርዓት ሕጉ የራሱ መስፈርቶች አሉት፤ ያ አገር የኢትዮጵያን ፍርድ የሚያስፈጽም መሆኑም አንዱ ነው።

የተሞከረውና የሚቀረው

በ2013 የወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234 ሁለት መሣሪያዎችን አምጥቷል፦ የጉዳዮች ፍሰት አስተዳደርንና በፍርድ ቤት የሚካሄድ የማስማማት አገልግሎትን። ሁለቱም ለቤተሰብ ጉዳይ ይጠቅማሉ፤ ወሰናቸው ግን ይታወቅ። በዚያው ዓመት የወጣው የግልግል ዳኝነትና የዕርቅ አሠራር አዋጅ ቁጥር 1237 ፍቺን በግልግል ዳኝነት ከማይታዩ ጉዳዮች መድቦታል፤ ፍቺን የሚወስነው ዳኛ ነው። ማስማማት የሚጠቅመው በንብረትና በልጅ ጉዳይ ላይ ነው። እዚያም ቢሆን አንደኛው ሌላውን የሚፈራ ከሆነ ማስማማት ወደ ማስፈረም ይለወጣል፤ አስማሚው ድብደባ መኖር አለመኖሩን አስቀድሞ መጠየቅ አለበት።

የሌላ አገር ልምድም ፍቺውን ብቻ ማቅለል በቂ አለመሆኑን ያሳያል። እንግሊዝና ዌልስ ከሚያዝያ 2022 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ጥፋት ማስረዳትን አስቀርተው ከማመልከቻው በኋላ 20 ሳምንት፣ ከዚያም ስድስት ሳምንት የሚጠበቅበትን ሥርዓት ዘርግተዋል። የንብረቱ ጉዳይ ግን የራሱን መንገድ ይዞ የሚሄድ ሌላ ጉዳይ ሆኖ ቀጥሏል። እኛም በ1992 ምክንያት መጠየቅን ስናስቀር ያደረግነው ይህንኑ ነው፤ የቀረን ሥራ ንብረቱ ላይ ነው።

ከአገር ውስጥ ደግሞ የአማራ ክልል የገጠር መሬት ደብተር ትምህርት ይሰጣል። የባልና የሚስት ስም አንድ ላይ የሰፈረበት ደብተር ባለበት፣ «የማን ነው?» የሚለው ጥያቄ ገና ከመነሻው ይመለሳል፤ የሚቀረው እንዴት ይከፈል የሚለው ነው። የከተማ ቤት፣ ተሽከርካሪና አክሲዮን ግን ዛሬም በአብዛኛው በአንድ ሰው ስም ይመዘገባሉ።

ከዚህ በመነሳት አራት እርምጃ በቂ ለውጥ ያመጣል ብዬ አምናለሁ፤ አንዱም አዲስ ሕግ አይጠይቅም። አንደኛ፣ አቤቱታና መልስ ሲገባ ሁለቱም ወገኖች ሀብትና ገቢያቸውን በመሐላ በአንድ ቅጽ ይሙሉ፤ የደበቀ ሰው ይህ እንዲቆጠርበት ይደረግ። ሁለተኛ፣ ደብዳቤ ባለጉዳይ አይሸከም፤ ሬጅስትራሩ ከመሬት፣ ከተሽከርካሪና ከባንክ መዝገቦች በቀጥታ ይጠይቅ፣ መልስ የሚሰጥበት ቀን ይቆረጥለት፣ ያላከበረ ኃላፊ ችሎት ቀርቦ ይጠየቅ። ሦስተኛ፣ ግምት ለክፍፍል በተቃረበ ቀን አንዴ ይደረግ፤ ለተቃውሞም አንድ ዕድል ይኑር።

አራተኛውና ዋናው የመጓተትን ትርፍ ማጥፋት ነው። ችሎቱ በመጀመሪያው ቀጠሮ፣ በአንቀጽ 82 ሥልጣኑ፣ ከጋራ ንብረት የሚገኝ ኪራይና ገቢ በፍርድ ቤት ሒሳብ እንዲገባ ወይም ለሁለቱ እንዲከፈል ይዘዝ፤ ቤቱን ብቻውን የያዘ ወገን አቤቱታው ከቀረበበት ቀን ጀምሮ ለሌላው ድርሻ ተመጣጣኝ ኪራይ እንደሚታሰብበት ከወዲሁ ይወቅ። ያለ በቂ ምክንያት ቀጠሮ ያስለወጠ ደግሞ የዚያን ዕለት ወጪና ኪሳራ እዚያው ይክፈል።

የሚነሳው ተቃውሞ ይታወቃል፤ ንብረቱ የግል መሆኑ ኋላ ከተረጋገጠ ያለ አግባብ የተከፈለው ኪራይስ? ተገቢ ጥያቄ ነው። መልሱ በመጨረሻው ሒሳብ ይቀናነሳል የሚል ነው። ዛሬ ያለው አሠራርም ያለ አደጋ አይደለም፤ አደጋውን በሙሉ ከቤት በወጣው ወገን ላይ ጥሎታል። ሕጉ ንብረቱ የጋራ ነው ብሎ ይገምታል፤ ጊዜያዊው ትእዛዝም ከዚሁ ግምት ሊነሳ ይገባል። ዳኛ ይጨመር፣ ኮምፒዩተር ይግባ የሚለው ሁሉ ይደረግ፤ መጓተት ለአንዱ ወገን ገቢ ማስገኛ ሆኖ እስከቀጠለ ድረስ ግን የተጨመረው ዳኛም የሚሠራው ተጨማሪ ቀጠሮ መስጠት ነው። ቀጠሮ ያስከፍል፤ ያኔ ባለጉዳዮቹ ራሳቸው መዝገቡን ለመዝጋት ይቸኩላሉ።